ይቅርታ፣ ዶና ዙልሚራ

በሰባት ዓመቴ፣ ጆሮዬ እንደማይሰማ ከቤተሰቤ ደብቄ አምስት ወር ሙሉ ኖሬያለሁ።

ሌላው ሁሉ ይሰማኝ ነበር፣ እሱን አልክድም። የዓሣ ሻጩ ጩኸት፣ የጎረቤት ባልና ሚስት ጠብ፣ የዝንብ ጥዝታ፣ አያቴ በር ዘግታ ስለ አባቴ የምታንሾካሹከው ሐሜት ሳይቀር ጥርት ብሎ ይደርሰኝ ነበር። የማይሰማኝ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ የአባቴ ፒያኖ። እሱን ደግሞ ቤታችን ውስጥ የማይሰማው ሰው አልነበረም። ከእኔ በቀር።

ከመጀመሪያው ልንገራችሁ። የምንኖረው ሪዮ ከተማ፣ ካቴቴ ሰፈር፣ አንድ አሮጌ ሕንፃ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነበር። አባቴ ኦታሲሊዩ በሬዲዮ ጣቢያ ኦርኬስትራ ውስጥ ፒያኖ ይጫወታል፣ ዜማም ያቀናብራል። ቴሌቪዥን ሲመጣ ጣቢያው ኦርኬስትራውን በተነው፤ ሠላሳ ሁለት ሰው በአንድ ጠዋት። ብዙም ሳይቆይ ፒያኖውም ከቤታችን ወጣ። ደረጃው ጠባብ ስለነበር ሲገባም በመስኮት ነው፣ ሲወጣም በመስኮት። አራት ጎረምሶች በገመድ ጠፍረው ቁልቁል ሲያወርዱት መንገዱ በሰው ጢም አለ። ዳቦ ጋጋሪው ምድጃውን ትቶ ወጣ። አንዱ "ወደ ግራ! ወደ ግራ!" ይላል፣ ሌላው "ኧረ ቀስ፣ እንቁላል የተሸከምክ መስሎህ ያዘው!" ይላል። እኔ መስኮቱ ላይ ተንጠልጥዬ አጨበጭባለሁ። አባቴ ጀርባውን ሰጥቶ ወጥ ቤት ውስጥ ብርቱካን ይልጣል። አንዱን ሲጨርስ ሌላ ያነሳል። አንዱንም አልበላም።

"የት ሊሄድ ነው?" አልኳት አያቴን።

"ሊታከም" አለች አያቴ ኤውሊና፣ ቅንጣት ሳታቅማማ። "ሳል ይዞታል። የባሕሩ እርጥበት ሳንባውን በላው እኮ። ተራራ ላይ ወስደው ያሳርፉታል።"

አመንኳት። የእናቴ አክስትም ሳል ይዟት ተራራ ሄዳ ነበርና። እሷም አልተመለሰችም፣ ይህን ግን ያኔ አላገናኘሁትም። ፒያኖው ለቤት ኪራይ እንደተሸጠ ያወቅሁት አሥራ ሦስት ዓመት ሲሞላኝ ነው፤ ያውም ተናድጄ "ሕመምተኛ ትሸጣላችሁ?" ብዬ ጮኼባቸዋለሁ።

አባቴ ከዚያ በኋላ ሦስት ሳምንት ከአልጋ አልተነሳም። አያቴ በሩ ላይ ቆማ "ሰውዬው እንቁላል ታቅፏል እንዴ?" ትላለች፤ እናቴ ደግሞ "እማዬ፣ ተይው" ትላለች። በሦስተኛው ሳምንት መጨረሻ ተነሳ፣ ጢሙን ተላጨ፣ ወጣና አንዲት ጣሳ ነጭ ቀለም ይዞ ተመለሰ። ከዚያም የወጥ ቤቱን ጠረጴዛ እስከ ጫፍ ድረስ በመስመር ከፋፍሎ ቀባው። ጥቁሮቹን የፒያኖ ቁልፎች በጫማ ቀለም ሠራቸው።

"ወይኔ ጠረጴዛዬ!" አለች አያቴ ጭንቅላቷን ይዛ። "ዳልቫ! ነይ ጉድሽን እዪ! ባልሽ ጠረጴዛዬን የሜዳ አህያ አደረገው!"

"አይቆጡ ዶና ኤውሊና" አለ አባቴ፣ ከቀለሙ ቀና ሳይል። "አምስት ኦክታቭ ብቻ ነው።"

"የባቄላ ድስቴን የት ላስቀምጥ ታዲያ?"

"እዚያ ዳር፣ ላይኛው ዶ ላይ። እሱን ብዙም አልነካውም።"

ወፍራሞቹ ድምፆች ጠረጴዛው ላይ አልበቁም። ለእነሱ የልብስ መተኮሻውን ጣውላ አምጥቶ በግራ በኩል ገጠመው። እናቴ ልብስ መተኮስ ስትፈልግ መጀመሪያ ባሱን መንቀል ነበረባት።

በማግስቱ፣ ልክ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን፣ እናቴ የስፌት መኪናዋን አቆመች። ያን ጊዜ ያበላን የእሷ መርፌ ነው፤ የሰፈሩን ሴት ሁሉ ቀሚስ ትሰፋ ነበር። መኪናዋ ለምሳ እንኳ አይቆምም። ለዚህ ግን ቆመ።

"ዝም በይ ኢራሲ፣ አባትሽ ሊጫወት ነው" አለችኝ።

አባቴ ተቀመጠ፣ እጅጌውን ሰበሰበ፣ ጀመረ። ጣቶቹ ከወዲህ ወዲያ ይሮጣሉ፣ ትከሻው ይወዛወዛል፣ እግሩ መሬቱን ይጠበጥባል። እናቴ ዓይኗን ጨፍና ራሷን ትነቀንቃለች። እኔ ጆሮዬን አቁሜ ጠበቅሁ። ምንም የለም። ጥፍሩ እንጨቱ ላይ ሲንኳኳ ጠቅ ጠቅ ይላል፣ ድስቱ ይንተከተካል፣ በቃ።

አያቴ ባቄላዋን እያማሰለች፣ ዞር እንኳ ሳትል፦

"ይቺ ጎመዘዘችብኝ።"

"የቷ?" አለ አባቴ ቆም ብሎ።

"ያቺ መጨረሻ ላይ ያለችዋ።"

አባቴ አሰበ፣ አንዷን ጣት ወደ ጎን ገፋ አደረጋት፣ ደግሞ መታ። "አሁንስ?"

"እህ፣ አሁን ጣፈጠች" አለች አያቴ።

ከዚህ በላይ ምን ማስረጃ አለ? አያቴ ሰባ ዓመቷ ነው፣ የበር ደወል እንኳ አይሰማትም። ፒያኖውን ግን ሰማች። ምን ይዋጠኝ?

ጥርጣሬ ቢጤ ቀርቶልኝ ከነበረም፣ በሦስተኛው ቀን ዶና ዙልሚራ አጠፋችው። ዶና ዙልሚራ ከእኛ በታች ሁለተኛ ፎቅ የምትኖር፣ ባሏ የሞተባት፣ የአባቴ ደመኛ ነበረች። እውነተኛው ፒያኖ በነበረበት ዘመን በመጥረጊያ እንጨት ጣራዋን ያልደበደበችበት ቀን የለም። አንዴ ፖሊስ ጠርታ ፖሊሱ ቁጭ ብሎ ሁለት ዜማ አዳምጦ ሄዷል። እንግዲህ በዚያ ቀን አባቴ ጠረጴዛው ላይ ሲጫወት፣ ከታች ድንገት ቡም! ቡም! ቡም!

አባቴ እጁ አየር ላይ ቀረ። ከዚያ ፊቱ ሁሉ በራ። ከአንድ ወር በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ።

"ይቅርታ ዶና ዙልሚራ!" ብሎ ወደ ወለሉ ጮኸ። "ቀስ እላለሁ!"

እውነትም ቀስ ብሎ መጫወት ጀመረ፤ በጣቶቹ ጫፍ።

ስለዚህ ነገሩ አለቀለት። ፒያኖው ፎቅ አልፎ ይሰማል። የጎደለው የእኔ ጆሮ ነው።

ያላደረግሁት ነገር የለም። ሞቅ ያለ የወይራ ዘይት ጠብ አደረግሁበት። ትራሴን ያቆሸሸው ምን እንደሆነ ሲጠይቁኝ ሕልም ነው አልኩ። ጉንጬን ጠረጴዛው ላይ ለጥፌ አዳመጥኩ። ለቅድስት ሉዚያ ተሳልኩ። እሷ የዓይን ቅድስት መሆኗን አውቃለሁ፤ ዓይንና ጆሮ ግን ጎረቤት ስለሆኑ መልእክት ታደርስልኛለች ብዬ ነው።

ብናገርስ? አትሉኝም? መናገር እንዴት ይሞከራል! አያቴ አንድ ወንድ ልጅ ነበራት፣ የእናቴ ወንድም አጎቴ ኔስቶር። ማዱሬራ የብረታ ብረት ሱቅ አለው። ስሙ በተነሳ ቁጥር አያቴ የምትለው አንድ ነገር ነው፦ "ኔስቶር ጆሮ አልፈጠረበትም። ለዚህ ነው ምስማር የሚሸጠው።" እኔ ከዚህ የተረዳሁት ሕግ መሆኑን ነው። ጆሮ ያለው ሙዚቃ ይሠራል፤ የሌለው ማዱሬራ ሄዶ ምስማር ይሸጣል። ማዱሬራ ሩቅ ነው፣ በባቡር ነው የሚኬደው፣ ባሕር የለውም።

አንድ ከሰዓት ደግሞ እናቴ ግራጫ ሽርጥ ስትሰፋ አገኘኋት። ትልቅ ኪስ ያለው፣ ወፍራም።

"የማነው?" አልኳት።

"ለማዱሬራ ነው። ለአጎትሽ ሱቅ" አለችኝ፤ ድምፅዋ ልክ አልነበረም። "ላያስፈልገንም ይችላል። እስከ ነሐሴ እናያለን።"

ሽርጡን ከበሩ ኋላ ሰቀለችው። ትልቅ ነበር፣ ግን እናቴ ስፌት አዋቂ ናት፣ በእኔ ልክ ማሳጠር አያቅታትም። በዚያ ቤት ጆሮ የሌለው ሌላ ማን አለ?

ሽርጡ የአባቴ መሆኑን ለማወቅ ብዙ ዓመት ፈጅቶብኛል። ነገሩ እንዲህ ነበር። ኮፓካባና ውስጥ አንድ የሙዚቃ ቤት ባለቤት ለአባቴ አንድ እሑድ ሰጥቶታል፤ በነሐሴ፣ ከሰዓት በኋላ፣ የራሱን ድርሰቶች ብቻ እንዲያቀርብ። ሰው ከወደደው፣ እሑድ እሑድ ቦታው የእሱ ይሆናል። ካልወደደው፣ ሰኞ ጠዋት ምስማር ነው። አርባ ዓመቱ ነበር፣ ቀኝ እጁ ደግሞ እግዜር ለምስማር የሠራው እጅ አልነበረም።

እኔ ግን ስለ ራሴ ብቻ እየፈራሁ ማስመሰል ተማርኩ። ድምፁን ባልሰማም ጣቶቹን አያለሁ። ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ከጠረጴዛው ትይዩ ቁጭ ብዬ ዓይኔን ሳልነቅል እመለከት ነበር። ቀኝ እጁ ሲያጥር ሲረዝም፣ ግራው ዘሎ መተኮሻው ላይ ሲያርፍ፣ ትንሿ ጣት ተዘርግታ ድስቱ ሥር ስትደርስ። አያቴ መቼ እንደምትነቀንቅ፣ እናቴ የት ጋ እንደምትተነፍስ ሁሉ በቃሌ ያዝኩ። በእነሱ ቦታ እኔም እነቀንቃለሁ።

ማክሰኞና ሐሙስ አጎቴ ኡባልዱ ይመጣል። በሥጋ አጎቴ አይደለም፤ ሪዮ ውስጥ ቤታችሁ ሦስት ጊዜ የበላ ሰው ሁሉ አጎት ነው። ከኦርኬስትራው ጋር አብሮ የተባረረ ትሮምቦን ነፊ ነበር፣ ኖታ በመገልበጥም እጁ የተመሰከረለት። ትሮምቦኑን ይዞ ይቆምና ክንዱን ወዲህ ወዲያ ያንሸራትተዋል እንጂ አይነፋውም።

"ለምን አትነፋም?" አልኩት አንድ ቀን፣ በተንኮል። ቢያንስ እሱን እንድሰማ።

"ልጄ፣ ብነፋው የአባትሽን ፒያኖ ይውጠዋል" አለኝ፣ ፍጹም ኮስተር ብሎ።

አንድ ሐሙስ አባቴ ድንገት ወደ እኔ ዞረ።

"ኢራሲ፣ እስቲ ፍረጂን። ይቺኛዋ ትሻላለች..." ብሎ ጣቶቹን አስሮጠ፣ "...ወይስ ይቺ?"

ሁሉም እኔን አዩኝ። ኡባልዱ ትሮምቦኑን እንደያዘ፣ አያቴ ማማሰያዋን እንደያዘች። ላብ አጠመቀኝ። በመጀመሪያው ላይ እጁ ዘሎ ቶሎ አረፈ፤ በሁለተኛው ላይ አየር ላይ ትንሽ ቆየ።

"ሁለተኛዋ" አልኩ።

"ለምን?"

"የመጀመሪያዋ ትቸኩላለች።"

አባቴ እርሳሱን አነሳና ወረቀቱ ላይ አንድ መስመር ሰረዘ። "ሰማህ ኡባልዱ? ትቸኩላለች አለች" አለ። ኡባልዱ ባርኔጣውን አወለቀልኝ። እኔ ሮጬ መጸዳጃ ቤት ገብቼ አለቀስኩ፤ ምክንያቱም ውሸቴ በጣም ጥሩ ሆኖ ነበር።

እሑድ ደረሰ። ቤት ውስጥ ማታለል ቀላል ነው፤ እዚያ ግን ስንት ሰው ይኖራል፣ መቼ እንደሚያልቅና መቼ እንደሚጨበጨብ በምን አውቃለሁ?

ከሁሉ የገረመኝ አባቴ ራሱ ወርዶ ዶና ዙልሚራን መጋበዙ ነው። እኔም አብሬው ነበርኩ። በሯን ከፍታ ሁለታችንንም ገላመጠችን።

"ምን ፈልገህ ነው?"

"የመጀመሪያው ረድፍ ላይ ወንበር ይዤልዎታለሁ" አላት። "ዣንጥላዎን እንዳይረሱ ግን። ሰማዩ አላማረኝም።"

ሰማዩ ደመና የሚባል አልነበረበትም። አባቴ ስለ አየር ጠባይ ምንም አያውቅም ብዬ ደመደምኩ።

ቤቱ ትንሽ ነበር፤ የሲጋራና የተጠበሰ ዓሣ ሽታ የጠገበ፣ መጋረጃው የቀን ብርሃን የሚያስገባ። ሰው ሞልቷል። አያቴ በግራዬ፣ እናቴ ከእሷ ቀጥላ እጇን ጭኗ መሐል ቀብራ፣ ዶና ዙልሚራ በቀኜ ዣንጥላዋን ጉልበቷ መሐል ተክላ ተቀምጠናል። መድረኩ ላይ ጥቁር ፒያኖ አለ። አጎቴ ኡባልዱ፣ አንድ ባስ ተጫዋችና አንድ ከበሮ መቺ ቆመዋል። አባቴ ወጥቶ ተቀመጠ። እጅጌውን ሰበሰበ። ልክ ዘጠኝ ሰዓት ነበር።

እጁን አወረደ።

እናንተዬ! ደረቴ ላይ ነው የመታኝ። ሙሉ፣ ክብ፣ ሞቅ ያለ ድምፅ፤ ከዚያ ሌላ፣ ከዚያ ሌላ፣ እየተንደረደሩ። ብድግ አልኩ።

"ሰማሁ!" ብዬ ጮኽኩ። "እማዬ፣ ሰማሁ! ድኛለሁ! ማዱሬራ አልሄድም!"

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። አያቴ በቀሚሴ ጎትታ አስቀመጠችኝ። "ኧረ ሰው ፊት አታሳፍሪን!" ትላለች፣ ግን እሷም ዓይኗ እንባ አቅርሯል። እኔ ምን ግድ ሰጠኝ? ቅድስት ሉዚያ መልእክቱን አድርሳለች።

ደግሞ እኮ አውቀዋለሁ! እያንዳንዱን አውቀዋለሁ። ጣቱ ከመሄዱ በፊት የት እንደሚሄድ አውቃለሁ። ይቺ አያቴ ያጣፈጠቻት ናት፣ ይቺ ከድስቱ ሥር ያለችዋ ናት፣ ይቺ የእኔ ናት፣ የማትቸኩለዋ። ጣቶቼ ጭኔ ላይ አብረውት ይሮጡ ነበር።

መሐል ላይ ሲደርስ ሁሉም በአንዴ ቆሙ። ፒያኖው፣ ባሱ፣ ከበሮው፣ ትሮምቦኑ። ጭር አለ። እና በዚያ ጭርታ ውስጥ፣ ከአጠገቤ፦

ቡም! ቡም! ቡም!

ዶና ዙልሚራ ነበረች። በዣንጥላዋ ወለሉን። ምን እንዳደረገች ሲገባት አፏን በእጇ ሸፈነች። ሰው ሁሉ ዞሮ አያት።

አባቴ ግን አልዞረም። "ይቅርታ ዶና ዙልሚራ!" አለ ጮክ ብሎ። "ቀስ እላለሁ!"

እና ዜማው ተመለሰ፣ ቀስ ብሎ፣ በጣቶች ጫፍ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ጭብጨባ እኔ አልነግራችሁም፤ ሲያልቅ መቼ እንደማጨበጭብ ማንም ሊነግረኝ አላስፈለገም። ያ እሑድ የአባቴ ሆነ፣ ቀጣዩም፣ የሚቀጥለው ሁለት ዓመትም። ሽርጡን አያቴ ቆራርጣ ድስት መያዣ ጨርቅ አደረገችው።

ዝግጅቱ ሲያልቅ መድረኩ ኋላ ሄጄ እጁን ያዝኩት። እንደ ንስሐ ነበር።

"አባዬ፣ ዋሽቼሃለሁ። እስከ ዛሬ ምንም አልሰማም ነበር። ጠረጴዛው ላይ ስትጫወት፣ ምንም።"

አባቴ ተንበረከከ፣ ፊቱ ፊቴ ጋ እስኪደርስ።

"ለማንም አትንገሪ" አለኝ። "እኔም አንዳንድ ቀን ምንም አይሰማኝም ነበር።"

"ታዲያ ለምን ትጫወት ነበር?"

"ዙልሚራ ታንኳኳለቻ! ሰው ከተማረረ፣ የሚሰማው ነገር አለ ማለት ነው።"

ያ ዜማ ስሙ "ይቅርታ፣ ዶና ዙልሚራ" ነው። የመጀመሪያ ሸክላው ላይ የመጀመሪያው እሱ ነው። አባቴ ከዚያ በኋላ አሥራ አንድ ሸክላ አስቀረጸ፣ ባሕር ማዶ ተሻገረ፣ ኦርኬስትራ መራ፣ ፀጉሩ እስኪነጭ ጻፈ። ሰዎች ስለ እሱ ሲያወሩ ስለዚያ ሦስት ምት ዝምታ ያወራሉ። አንድ ጀርመናዊ ዝምታው ስለ ሞት ነው ብሎ አርባ ገጽ ጽፎ ላከልን። አያቴ በሕይወት ብትኖር "ይሄስ ጆሮ አልፈጠረበትም" ትለው ነበር።

ዶና ዙልሚራን ለመጨረሻ ጊዜ ያየኋት ሰማንያ ስድስት ዓመቷ ላይ ነው። ትልቅ ሰው ሆኜ፣ ልጆች ወልጄ። ወጥ ቤቷ ቁጭ ብለን ድንገት ሳቀች።

"አንድ ነገር ልንገርሽ፣ አባትሽ ከሞተ ምን ይጎዳል" አለችኝ። "እኔ እኮ ምንም ሰምቼ አላውቅም። ጠረጴዛ ምን ድምፅ አለው ልጄ? ፒያኖው የወጣ ቀን ለቅዱስ አንቶኒዮ የምስጋና ሻማ አብርቻለሁ። ከወር በኋላ እናትሽ የበቆሎ ዳቦ ይዛ መጣች። 'ዶና ዙልሚራ፣ እግርዎ ላይ ልውደቅ፣ ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ያንኳኩ' አለችኝ። 'ሴትዮ፣ አብደሻል?' አልኳት። 'እርስዎ ካላንኳኩ የሚሰማው ሰው የለም ብሎ ይተወዋል' አለችኝ፣ አለቀሰች። ምን ላድርግ? አምስት ወር ሙሉ፣ በዚህ ወገቤ! አንድ ቀን ብቻ እህቴ ጋ ልሄድ ስቸኩል ቀደም ብዬ አንኳኳሁ እንጂ አንድም ቀን አላጓደልኩም።"

ከእሷ ጋር ሳቅሁና ደረጃው ላይ አለቀስኩ። ምስኪን አባቴ። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው እንዲሉ፣ እናቴ፣ አያቴ፣ ኡባልዱ፣ ታችኛው ፎቅ ሳይቀር ያወቀውን እሱ ብቻ ሳያውቅ ሞተ አልኩ።

ባለፈው ዓመት የኡባልዱ ልጅ የአባቷን ዕቃ ስታጸዳ አንድ ካርቶን ላከችልኝ። የዚያ ዜማ የመጀመሪያው ረቂቅ ውስጡ ነበር፤ በአባቴ እርሳስ የተጻፈ፣ የባቄላ መረቅ የነካው። ሦስቱ ባዶ ምቶች ላይ፣ ለገልባጩ በኅዳግ የተጻፈ ማስታወሻ አለ፦

"ኡባልዱ፣ እዚህ ባዶ ተው። ከበሮው እንዳይነካው። ዙልሚራ ትሞላዋለች። ትናንት ገና ሳልቀመጥ አንኳኳች። ለዳልቫ አደራህን እንዳትነግራት፣ ዳግመኛ ማመን ያቅታታል።"

እናቴ ዳልቫ ዛሬ ዘጠና አንድ ዓመቷ ነው። ከእኔ ጋር ትኖራለች። ሸክላውን በከፈትኩ ቁጥር ያቺ ቦታ ስትደርስ ጉልበቴን መታ ታደርገኛለች።

"ምስኪን አባትሽ" ትለኛለች፣ በኩራት እየሳቀች። "እስከ ዕለተ ሞቱ አላወቀም እኮ!"

እኔም ራሴን እነቀንቃለሁ። ማስመሰል ከልጅነቴ የተማርኩት ነው።